ከዚሩ ሥር የተቀበረው ሐረግ

ይህን ታሪክ የምጽፈው ምዬ ነው። አንዲት ቃል ብዋሽ የመተማ ፀሐይ እንደ ቋንጣ ታድርቀኝ! መተማን የማያውቅ ሰው ይህን መሐላ ይንቀው ይሆናል፤ የሚያውቅ ግን ይደነግጣል። እዚያ አገር በሚያዝያ ቀትር ጥላ ራሱ ከዛፉ ሥር ተነሥቶ ጥላ ፍለጋ ቤት ይገባል። ዶሮ የምትጥለው የተቀቀለ እንቁላል ነው። ወባ ይዞት በብርድ የሚንቀጠቀጥ ሰው አይቼ፣ ጎረቤቶቹ "የታደለ!" እያሉ ሲቀኑበት በጆሮዬ ሰምቻለሁ። ታዲያ በዚህ አገር የደጋ ቁር የለመደች የአዞ ሐረግ በቅላ፣ ተንዠርግጋ፣ ነጭ አበባ አበበች ብል ማን ያምነኛል? ግድ የለም፣ አትመኑኝ። ታንጉም መጀመሪያ አላመነችም።

ታንጉ የወይዘሮ አሰበች ልጅ ናት። ወይዘሮ አሰበች መተማ ዮሐንስ፣ ከኬላው አለፍ ብሎ፣ ምግብ ቤት ነበራቸው። ቆርቆሮው ቤት ውስጥ ወንበርና ጠረጴዛ አለ፤ እዚያ የሚቀመጡት የመኪናና የትራክተር ሾፌሮች ናቸው። ውጭ ደግሞ ራኩባ አለ፤ አራት ባላ ላይ ሣር የተጣለበት ዳስ። እዚያ መሬት ላይ የሚቀመጡት በመንግሥት እርሻ ሰሊጥ ሊያጭዱ ከደጋ የሚወርዱ የቀን ሠራተኞች ናቸው። በሁለቱ መካከል ከሱዳን የመጣ ዚር ቆሟል፤ ሆዱ እያላበው ውኃ የሚያቀዘቅዝ ትልቅ የሸክላ ጋን። ከዚሩ ወዲህ ያለ ወዲያ አይቀመጥም። የወጣ ሕግ የለም፤ ግን ከሕግ ይጠብቅ ነበር።

በ1973 ዓ.ም. ጥቅምት ላይ ታንጉ ለአጫጆቹ ውኃ ስትቀዳ፣ ከዳንግላ የወረደ ያረጋል የሚባል ረጅም፣ ዝምተኛ ጎረምሳ ጣሳውን ዘረጋ። ሌላው ሁሉ ውኃውን ሲያይ እሱ የዚሩን ላብ ያያል።

"ምነው፣ ዚር አይተህ አታውቅም?" አለችው።

"አላውቅም። እኛ አገር ውኃ ራሱ ቀዝቅዞ ነው የሚወለድ።"

"ደግሞ ሌላ ምን አለ እናንተ አገር?"

"ብርድ።"

"ብርድ ይበላል?"

"አይበላም። ግን የአዞ ሐረግ ያበቅላል።" ጣሳውን ከከንፈሩ አወረደ። "ስታብብ አጥሩን ነጭ ነጠላ ታለብሰዋለች። አበባዋ ሲረግፍ ደግሞ ጺም ታወጣለች፤ ነጭ፣ እንደ ሽማግሌ።"

"ሴት ሆና ጺም?"

"ሴት ሆና።"

አጫጆቹ ሳቁ። ታንጉ አልሳቀችም። ቅሉን ዚሩ ውስጥ መለሰችና፣ "በአፍህ አታብብብኝ። ካለች አምጣና አሳየኝ!" አለችው። ቀና ብሎ አያት። እሷም አየችው። ጣሳው ዘንበል ብሎ ውኃው ጉልበቱ ላይ ሲፈስ ሁለቱም አላወቁም። ያን ቀን ለሾፌሮቹ ወጥ ስታወጣ ታንጉ ሁለት ጊዜ ጨው ጨመረች፤ ለምን እንደሆነ ግን ለራሷም አልነገረችም።

በዓመቱ ያረጋል ተመልሶ መጣ። ሌላው አጫጅ በሶና ዳቦ ቆሎ ቋጥሮ ሲመጣ፣ እሱ የመጣው አፈር የሞላ የወተት ዱቄት ጣሳ ታቅፎ ነው። ከጎንደር ያሳፈረው ኤንትሬ የጭነት መኪና ሸሕዲ ላይ ቢሰበር በእግሩ ተነሣ። የያዘውን ውኃ ግማሹን ለራሱ፣ ግማሹን ለጣሳው እያጠጣ! ኬላ ላይ ወታደሩ አፈሩን በሳንጃው ጫፍ ቆፈር ቆፈር አድርጎ፣ "ምንድን ነው?" ብሎት ነበር።

"ሐረግ ነው፣ ጓድ።"

"ለምን ይሆናል?"

"በእኛ አገር እንጨት ይታሰርበታል።"

"ገመድ ለማምጣት ነው ዳንግላ ድረስ የሄድህ?" ብሎ ወታደሩ እስኪታመም ስቆ አሳለፈው።

ታንጉ ጣሳውን ስታይ መሳቅ አቃታት። ሦስት ቅጠል ያላት፣ እንደ ሽቦ የቀጠነች፣ አፈር የመሰለች ነገር ናት። ያረጋል ግን ለዓይነ ስውር ቤተ ክርስቲያን እንደሚያሳይ ሰው በጥንቃቄ አስቀመጣት። ቦታ ሲመርጥ ዚሩን ሦስት ጊዜ ዞረው። ከሆዱ ላብ የሚንጠባጠብበትን ጎን መረጠና እስከ ክርኑ ድረስ ቆፈረ።

"እግሯን ጥላ፣ ራሷን ፀሐይ ስጫት። ይኸው ነው ሚስጥሯ" አላት። "ቆላ የሚገድላት ከላይ አይደለም፤ ከሥር ነው። ሥሯ ከቀዘቀዘ ራሷ እሳት ይችላል።"

ሁለት አንጓዋን አፈር ውስጥ ቀበሩ፤ ጠፍጣፋ ድንጋይ ደረደሩ፤ ከላይ የሰሊጥ ገለባ አለበሱ። አፈሩን ሲጠቀጥቁ እጅ ለእጅ ተነካኩ። ሁለቱም እጃቸውን አላነሡም። ከቤት ውስጥ፣ "ታንጉ! ሾፌሮቹ ውኃ ጠማቸው!" የሚል የወይዘሮ አሰበች ድምፅ መጣ። እናትየው ከደጃፉ ቆመው ሲያዩ ነበር።

ወይዘሮ አሰበች ክፉ ሰው አልነበሩም። ታላቋ ልጃቸው ሀብትነሽ አንድ የሰሊጥ አጫጅ ተከትላ ደጋ ከወጣች አምስት ዓመቷ ነው። ደብዳቤ የለ፣ ወሬ የለ። ከዚያ ወዲህ ከደጋ የሚወርድ ወንድ ሲያዩ የሚታያቸው ፊቱ ሳይሆን ሲሄድ የሚያሳየው ጀርባው ነው።

ታኅሣሥ ላይ አጨዳው አለቀ። ያረጋል ሊሄድ ሲል ከዚሩ አጠገብ ቆመ። አፉን ከፈተ። ታንጉ ትንፋሿን ያዘች።

"ውኃዋን ጠዋት ጠዋት" አላትና ሄደ።

የሚባለው ይህ ነበር? ታንጉ ዚሩን ደግፋ እንደቆመች ዚሩን አላበው፣ እሷንም አላባት፣ ከሁለቱ የትኛው እንዳለቀሰ የሚለይ አልነበረም።

ከዚያ ደብዳቤ መጣ። በሰሊጥ ጫኝ ሾፌር እጅ፣ በእርሳስ የተጻፈ። ሁለቱም ፊደል የቆጠሩት በመሠረተ ትምህርት ነውና ያረጋል የሚጽፈው ሚስማር እንደሚመታ ሰው እየተጫነ ነበር። ታንጉ እንጨት ከተከመረበት ጓሮ ገብታ ከፈተችው።

"ይድረስ ለታንጉ። እንደምን አለሽ። እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። ገለባው ሳስቶ እንደሆነ ጨምሪበት። ግንዷን ግን እንዳይነካ። ያረጋል።"

ገልብጣ አየች። ጀርባው ባዶ ነው።

"ምን አለ?" አለች ጎረቤቷ ዘሊካ፤ ከራኩባው ማዶ ሻይ የምትሸጥ፣ ግማሽ ዘመዶቿ ሱዳን፣ ገላባት የሚኖሩ ሴት ናት።

"ገለባ ጨምሪ አለ።"

"ወላሂ ይህ ሰው የሚጽፈው ለሐረጓ ነው! አንቺ አሽከሯ ነሽ።"

ታንጉ ተናደደች። ስለ ራሷ አንዲት ቃል እስካልጻፈ ድረስ እሷም ስለ ልቧ አንዲት ቃል ላትጽፍለት ምላ፣ "ሐረጓ ደህና ናት። የተከልኩላትን ምሰሶ ግን አልይዝ አለች" ብቻ ብላ መለሰች። መልሱ በሃያ ቀን ደረሰ። "ምሰሶ አትይዝም። የምትወጣው በቅጠሏ አንገት ተጠምጥማ ነው። የቅጠሏ አንገት እንደ ሕፃን ጣት ነው፤ ወፍራም ነገር መጨበጥ አይችልም። የሰሊጥ አገዳ አቁሚላት።" አቆመችላት። በማግሥቱ ጠዋት ብታይ፣ ያቺ ቀጭን የቅጠል አንገት አገዳውን አንድ ዙር ጨብጣዋለች። ታንጉ ጣቷን አጠገቧ አስጠግታ ብዙ ቆየች፤ ያን የመሰለ መጨበጥ አስቀናት።

ሚያዝያ ላይ ሐረጓ ከላይ እስከ ታች ነደደች። "ሞተች" ብላ ጻፈችለት። "አልሞተችም። ከጉልበትሽ ዝቅ አድርገሽ ቁረጫት። እጅሽን በጨርቅ ጠቅልይ፣ ወተቷ ያቃጥላል። አትፍሪ" አላት። እያለቀሰች ቆረጠቻት። የመጀመሪያው ዝናብ ሲጥል ከጉቶው ሁለት ቡቃያ ወጣ፤ በሐምሌ ራኩባውን ይዞ ወጣ። ሰባተኛው ደብዳቤም በሐምሌ መጣ።

"ረጅሙን ክንዷን ወደ መሬት አጎንብሺው። አንጓው ላይ ቆዳውን በምላጭ ትንሽ ፋቂው። ቅበሪውና ድንጋይ ጫኚበት። ቦታው እንዳይጠፋሽ ቀይ ክር እሰሪበት። እስክመጣ ድረስ አትንኪው።"

እስክመጣ ድረስ! ታንጉ ደብዳቤውን አጥፋ ከጡቷ ሥር አኖረችው። ስለ እሷ ባይሆንም ስለ መምጣቱ ነው፤ ለረሃብተኛ ቁራሽም ማዕድ ነው።

መስከረም ላይ ግን ሌላ ሰው መጣ። አዛናው የሚባል የአብደራፊ ትራክተር ሾፌር ሽማግሌ ላከ። ደመወዝተኛ፣ ጨዋ፣ ሰው የሚያከብር። ወይዘሮ አሰበች ደስ አላቸው፤ አብደራፊ ሄዶ መጠየቅ የሚቻልበት አገር ነው። የኅዳር ሚካኤል ዕለት መልስ ሊሰጡ ቀጠሩ። ታንጉ ከዚያ ቀን ጀምሮ እህል አልወርድ አላት። "እማ፣ እኔ እሱን አልፈልግም" ብትል እናትየው፣ "ማንን ልትፈልጊ ነው? ገለባ ጨምሪ የሚልሽን?" አሏት። ለካ ደብዳቤዎቹን ሁሉ ያውቋቸዋል።

ጥቅምት ላይ ሐረጓ አበበች። ነጭ! ሾፌሮቹ ሳይቀሩ ከቆርቆሮው ቤት ወጥተው አዩዋት። አጨዳው ተጀመረ፤ አጫጆች መጡ፤ ያረጋል ግን አልመጣም። ወይዘሮ አሰበች የረገፈ አበባ ሲጠርጉ እግራቸው ድንጋይ መታ። ገለበጡት። ከሥሩ በምላጭ የተፋቀ፣ ቀይ ክር የታሰረበት፣ የተቀበረ ነገር።

"ታንጉ! ይህ ምንድን ነው?"

"እኔ ነኝ የቀበርሁት፣ እማ።"

"ማን አዘዘሽ?"

"ያረጋል።"

"ጎጃሜው! የምንጠጣው ውኃ ሥር!" ራሳቸውን ያዙ። "እህል አልበላም ያልሽው፣ ሰው አልፈልግም ያልሽው በዚህ ነው! አስደገመብሽ!"

"ተክል ነው፣ እማ! እንዲበዛ ነው!"

ወይዘሮ አሰበች ቅመም እንደለመደ ሰው ቅጠል ቀነጠሱ፣ በመዳፋቸው አሽተው አሸተቱ። እስከ ማታ መዳፋቸው በቃጠሎ ውኃ ቋጠረ። ያ ወተት ቆዳ እንደሚያቃጥል የዳንግላ ሕፃን ሁሉ ያውቃል፤ መተማ ላይ ግን ማን ያውቃል? ከዚያ ወዲያ መልአክ ወርዶ ቢመሰክር ወይዘሮ አሰበችን የሚያሳምን አልነበረም። ነቅለው አልጣሉትም። የተቀበረ ነገር ያስቀበረው ሰው በእጁ ካልፈታው ቤት ያጠፋል ይባላልና ድንጋዩን መልሰው ጫኑበት። ዚሩን ግን ገለበጡት። ላቡ ደረቀ፤ የሐረጓም እግር ደረቀ። ታንጉ በየጠዋቱ ፊቷን የምትታጠብ መስላ የድርሻዋን ውኃ እዚያ ታፈስ ነበር። ከአበባዎቹ ግማሹ ሲረግፍ እያንዳንዱ ከገላዋ የተቆረጠ ይመስላት ነበር።

የኅዳር ሚካኤል ሊደርስ አንድ ቀን ሲቀረው ያረጋል አቧራ ለብሶ ብቅ አለ። ሰላም ከማለቱ በፊት ዓይኑ የተገለበጠው ዚር ላይ ወደቀ፤ ቀጥሎ ታንጉ ላይ። ከስታለች። 

ወይዘሮ አሰበች የሰፈሩን ሽማግሌ አባ ማሩን አስጠሩ። ዘሊካ ሳትጠራ መጣች። አጫጆቹ መብላታቸውን አቆሙ።

"ፍታው!" አሉ ወይዘሮ አሰበች፣ በጨርቅ የተጠቀለለ እጃቸውን እያሳዩ። "ያስቀበርኸውን በእጅህ አውጣና ፍታ። ልጄን መልስልኝ!"

"እትዬ፣ እናቴ ትሙት፣ ድግምት አላውቅም።"

"አውጣው!"

አባ ማሩ፣ "አውጣው ልጄ። ካልሆነ ቀበሌ ሊገባበት ነው፤ ከዚህ ያባርሩሃል" አሉት ቀስ ብለው።

ያረጋል ተንበረከከ። ድንጋዩን አነሣ። አፈሩን በጣቱ፣ የሕፃን ፊት እንደሚጠርግ ሰው፣ ወዲህና ወዲያ አደረገ። ከቀዩ ክር ሥር፣ ከተፋቀው ቦታ፣ እንደ ጥጥ ክር የነጣ ሥር በየአቅጣጫው ተዘርግቷል። በዚያ ሁሉ ድርቀት፣ አንድ እፍኝ ርጥብ አፈር ጨብጧል።

"ድግምቱ ይኸው ነው" አለ። "ቆርጠው ቢተክሏት ትሞታለች። ስለዚህ ከእናቷ ሳትለይ ትቀበራለች። የራሷን ሥር እስክታወጣ ከእናቷ ትጠባለች።"

ወይዘሮ አሰበች ጎንበስ ብለው አዩ። ብዙ አዩ።

"ከዚያስ?" አሉ።

"ከዚያማ... ተቆርጣ የትም ትሄዳለች።"

አይ ያረጋል! ከቃል ሁሉ ይህን ቃል! የወይዘሮ አሰበች ፊት እንደ በር ተዘጋ።

"የትም" አሉ። "ሀብትነሽም የሄደችው የትም ነው።"

ታንጉ ዓይኗን ጨፈነች። ሁሉ ነገር አለቀ አለች በልቧ። ስታብብ ያየችባቸው፣ የቆረጠችባቸው፣ ያለቀሰችባቸው ወራት ሁሉ በአንዲት ቃል አለቁ።

"እትዬ" አለ ያረጋል፣ አሁንም ተንበርክኮ። "ሐረጓ ትሄድ ይሆናል። እኔ የትም አልሄድም።" ከሸሚዙ ሥር በላስቲክ የተጠቀለለ ወረቀት አወጣ። "የዘገየሁ በዚህ ነው። የገበሬ ማኅበሩ ሊቀ መንበር አልፈርም ብሎኝ አርባ ቀን በራፉ ላይ አደርሁ።"

አባ ማሩ ማንበብ አይችሉም። ወረቀቱን ታንጉ ተቀበለችው። ክብ ማኅተም አለበት። ጮክ ብላ አነበበች።

"ለመተማ ከተማ ቀበሌ ጽሕፈት ቤት። ጓድ ያረጋል ሙጨ የገበሬ ማኅበራችን አባል የነበሩ ሲሆን፣ የእርሻ መሬታቸውን ለማኅበሩ አስረክበው፣ በመተማ ከተማ የምትገኝ አንዲት የአዞ ሐረግ ለመንከባከብ፣ በቋሚነት ለመኖር ስለሄዱ ተገቢው ትብብር ይደረግላቸው። ከአብዮታዊ ሰላምታ ጋር።"

መሸኛ ነው። መሸኛ የያዘ ገበሬ ተመልሶ የሚገባበት ማሳ የለውም። አባ ማሩ ባርኔጣቸውን አወለቁ።

"መሬትህን ሰጠህ?" አሉ ወይዘሮ አሰበች።

"ሰጠሁ።"

"የአባትህን?"

"አባቴ ያረሰውን።"

"አብደሃል እንዴ? ይህ አገር ይገድልሃል። ሙቀቱን አትችለውም!"

"እሷ ችላለች" አለ ሐረጓን እያየ። "እኔ ከሐረግ አንሳለሁ?"

ዘሊካ መጀመሪያ ሳቀች። ቀጥሎ አንድ አጫጅ ሳቀ። ወይዘሮ አሰበች ከንፈራቸውን ነከሱ፣ ታገሉ፣ አልቻሉም፤ ሳቃቸው ወጣ፤ ሳቁም መንገድ ላይ ዕንባ ሆነ። የተጠቀለለ እጃቸውን ዘርግተው ወረቀቱን ከታንጉ ላይ ወሰዱ፣ በአራት አጥፈው ከመቀነታቸው ውስጥ ቋጠሩት።

"ይህ እኔ ጋ ይቀመጥ" አሉ። "ሰው ይሄዳል፤ ወረቀት አይሄድም።" ከዚያም ወደ ሽማግሌው ዞሩ። "አባ ማሩ፣ እንግዲህ ነገ ለሚመጡት ለአዛናው ሰዎች ምን ብየ ልመልስ? እርስዎ አፍ ያውቁበታል። ጨዋ ልጅ ነው፣ እንዳይከፋው።"

ታንጉ የተገለበጠውን ዚር አቃንታ አቆመችው።

እንግዲህ የማልሁት መሐላ አለና አንዲት ነገር ልናዘዝ። ሁሉም እውነት ነው፤ ሥሩም፣ የተቃጠለው እጅም፣ መቀነቱም። የፈጠርኳት አንዲት መስመር ናት። መሸኛው ላይ "የአዞ ሐረግ ለመንከባከብ" የሚል ነገር አልነበረም። የትኛው ሊቀ መንበር ነው ለሐረግ ማኅተም የሚመታ? ወረቀቱ የሚለው "ለግል ጉዳይ" ብቻ ነበር። በዚያን ዘመን ደግሞ የግል የሚባል ነገር በየስብሰባው የሚወገዝ ነበርና፣ ታንጉ እዚያ ቃል ላይ ስትደርስ ድምጿ ቆመ። ከወረቀቱ ቀና አለች። እናቷ፣ ሽማግሌው፣ ራኩባ ሙሉ አጫጅ እያየ፣ "የግል ጉዳይህ ምንድን ነው?" አለችው። ያረጋል ጉልበቱ ላይ እንዳለ፣ አፈር በአፈር በሆነ እጁ ፊቱን ጠረገና፣ ሰባት ደብዳቤ ሙሉ ሲሸሻት የኖረውን ቃል አወጣት።

"አንቺ ነሻ!" አላት።